ውኃ ያቀበለው ሱልጣን

ምእመናን፣ እስቲ ዛሬ የአንድ ሰው ነገር ላጫውታችሁ። በሕይወት ስላለ ስሙ ይቅርብን። ሥራው ትወና ነው። ረጅም፣ መልከ መልካም፣ ጺሙ ደረቱ ላይ የሚወርድ ሰው ነው። ታዲያ አንድ ጊዜ በፊልም ሱልጣን ሳላሐዲንን ሆኖ እንዲሠራ ተመረጠ። አዎ፣ ኢየሩሳሌምን ከመስቀል ጦረኞች የወሰደውን ሳላሐዲንን። ምነው ፊታችሁ ተጨማደደ? ጌታ በሳምራዊው አስተምሮን የለ እንዴ? ስሙኝ።

ይህ ሰው ደምሰው የሚባል ታላቅ ወንድም አለው። ያን ጊዜ ከተኳረፉ ዘጠኝ ዓመት ሆኗቸው ነበር። ለምን? እናታቸው ስታርፍ እሱ ሩቅ አገር ቀረጻ ላይ ነበር። ደምሰው አልጠበቀውም፤ በማግስቱ ቀበራት። በእኛ አገር ሬሳ መቼ ይከርማል? እሱ ግን "እናቴን ሳልሰናበታት አፈር አለበሳት" ብሎ ተቀየመ። ደምሰው ሦስት ጊዜ ሽማግሌ ላከ። እሱ ሦስቱንም ጊዜ ባዶ እጃቸውን መለሳቸው።

ቀረጻው መተሐራ አካባቢ፣ በዚያ ሐሩር ውስጥ ነበር። የሱልጣኑን አቀማመጥና አነጋገር የሚያሳዩት ሼህ ሲራጅ የሚባሉ አዛውንት ናቸው። ዋናው ትዕይንት፣ ሱልጣኑ ለተማረከው ንጉሥ በእጁ ቀዝቃዛ ውኃ የሚሰጥበት ነው። ሼሁም፣ "ልጄ፣ በዚያ ዘመን ልማድ ምርኮኛ ከማራኪው እጅ ከጠጣ አይገደልም። ውኃ ብቻ እንዳይመስልህ፤ ነፍሱን ነው የምትሰጠው" አሉት።

በዚያው ጠዋት ደምሰው መጣ። ስልሳ ያለፈው ሰው፣ ወንድሙ እዚያ መሆኑን ሰምቶ፣ በአውቶቡስ መጣ። ሰው እንዳይገባ የተወጠረው ገመድ ጋ ጥበቃዎቹ አቆሙት። "ወንድሜ ነው፤ ዓይኑን ብቻ ልየው" አላቸው።

ተዋናዩ ካባውን ለብሶ፣ ጥምጥሙን ጠምጥሞ ከሩቅ አየው። ራሱ ነው የነገረኝ፦ "አባ፣ አቋቋሙ እናቴን መሰለኝ። እንዴት እንደናፈቀኝ ያን ጊዜ አወቅሁ።" እግሩ ግን ወደ ድንኳኑ ገባ። "ሥራ ላይ ነኝ በሉት" አለ።

ከዚያማ ተወነው። ውኃውን በሁለት እጁ ለምርኮኛው አቀበለ፤ እንባው ጺሙን አራሰው። ካሜራ የያዘው ሰው ሳይቀር አለቀሰ። ሁሉም ሲያጨበጭብ ሼህ ሲራጅ ቀረብ ብለው፣ "ገመዱ ጋ ቆሞ የነበረው ሰውዬ ጠምቶት ነበር፤ ውኃ ሰጠሁት። ምንህ ነው?" ብለው ጠየቁት።

በካባው እንዳለ ሮጠ። አውቶቡሱ ሄዷል።

አሁን ሽማግሌ የሚልከው እሱ ሆነ። እኔም ከሽማግሌዎቹ አንዱ ነበርኩ። ደምሰው አክብሮ ተቀበለን፣ አስቀመጠን። ከዚያ ምን አለ መሰላችሁ? "አባ፣ ፊልሙን አይቼዋለሁ። ሱልጣኑ ደግ ሰው ነው። እሱ ቢመጣ ቤቴ ክፍት ነው። ወንድሜን ግን አላውቀውም።" ተነሥተን ወጣን።

ይኸው ሁለት ዓመት ሆነ። ያ ሰው ዛሬም ስልኩ ሲጮኽ ደምሰው እየመሰለው ይደነግጣል። አገር ሁሉ ምሕረቱን አይቶለታል፤ እሱ ግን የአንድ ሰው ድምፅ ናፍቆት ይኖራል።

እኛስ፣ ወገኖቼ? እኛ መተወን አናውቅበትም? ቅድም በቅዳሴው ዲያቆኑ እርስ በርሳችሁ ሰላም ተባባሉ ሲላችሁ አየኋችሁ። እንዴት ያምርባችኋል! ለግራው ጎንበስ፣ ለቀኙ ጎንበስ። ለማታውቁት ሰው ሁሉ እጅ ነሣችሁ።

ያቺ የተኳረፋችኋት እህት ግን ከምሰሶው ወዲያ ነው የቆመችው። ያ ጎረቤታችሁም እዚያ ነው። እንዳላያችኋቸው አታስመስሉ። እዚያ መሆናቸውን ስላወቃችሁ አይደል በዚህ በኩል የቆማችሁት?

ቡራኬው ይቆይ። ከምሰሶው ወዲያ ተሻገሩ። እኔ እዚህ ቆሜ እጠብቃችኋለሁ።