ከጀልባው ሆድ የተፈታችው ቁራጭ

አንድ ባለ ጀልባ ነበረ። ጀልባው ከብረት የተበየደ፣ ሠላሳ ሰው ከነዕቃው የሚያሳፍር ነበር። የሚሠራውም ውሃው ጨው ጨው በሚል ሐይቅ ላይ፣ ከከተማው ወደ ደሴቶቹ በመመላለስ ነው። ሰውየው ከዚያ ጀልባ በቀር ሌላ መተዳደሪያ አልነበረውም፤ ሚስቱም፣ አራት ልጆቹም፣ አሮጊት እናቱም የሚኖሩት በእሱው ነበር።

የጠየቅሽኝን አልረሳሁም፤ ቁጭ ብለሽ ስሚኝ። ደብተርሽን ይዘሽ መጥተሽ «ቲቸር፣ ሳክሪፊሻል አኖድ ማለት ምንድን ነው? መጽሐፉ ላይ አለ፣ ግን አልገባኝም» አልሽ። ትርጉሙን በአንድ መስመር ልነግርሽ እችል ነበር፤ አንቺም በአንድ መስመር ጽፈሽ ትረሺው ነበር። በሠላሳ ዓመት ውስጥ ስንቱን ትርጉም አስጽፌ ስንቱ እንደተረሳ እኔ ነኝ የማውቀው። ስለዚህ በጀልባው በኩል ዞረን እንሂድ።

ጀልባውን የሠሩለት አንድ አዛውንት በያጅ ነበሩ። ሥራቸውን ጨርሰው ሲያስረክቡት ከጀልባው ሥር አስጎንብሰው አስገቡትና፣ ውሃ ውስጥ በሚጠልቀው በኩል በብሎን የታሰረች፣ መዳፍ የምታህል ግራጫ ቁራጭ አሳዩት። ዚንክ ነች።

«ልጄ፣» አሉት፣ «ጀልባውን ወደ ደረቅ ባወጣህ ቁጥር ቀድመህ የምታየው ይህችን ነው። እየተበላች ትሄዳለች። ግማሽዋ ሲያልቅ ና፣ ሌላ እሰጥሃለሁ። እሷ እስካለች ብረቱ ምንም አይሆንም።»

«ጋሼ፣ ለምንድን ነው የምትበላው?» አለ ሰውየው።

«ውሃው አንድ ነገር መብላቱ አይቀርም። እሷ ትቀድምለታለች።»

በዚያ ሐይቅ ዳር፣ ክረምት ከመግባቱ በፊት ጀልባዎች ወደ ደረቅ የሚጎተቱበት ቀን አለ። የሰፈሩ ሰው ሁሉ ገመድ ይዞ ይጎትታል፣ ባለ ጀልባው ዳቦና ጠላ ያቀርባል፤ ከዚያ ሁሉም ተቀምጦ የጀልባውን ሆድ እያየ ይፈርዳል። የማን ዛገ፣ የማን ተቦረቦረ፣ ማን ሰነፍ ነው፣ ማን ነው ዕቃ አያያዝ የሚያውቅ። የዚህ ሰው ጀልባ በየዓመቱ ትናንት የተሠራ ይመስል ነበር። ሲያደንቁት ደስ ይለዋል፤ «እኔ በዕቃዬ ቀልድ አላውቅም» ይላል። ስለ ቁራጯ ግን አንድም ቀን ትንፍሽ አላለም። ሰው ሳያይ ይፈታታል፣ ሰው ሳያይ ሌላ ይተካል።

በስድስተኛው ዓመት ከጎታቾቹ አንዱ፣ ተረበኛ ጎረቤቱ ነው፣ ከጀልባው ሥር ገባና «እንዴ፣ ጀልባህ እከክ ወጣበት?» አለ። ሰዉ ሁሉ ሳቀ። እውነቱን ለመናገር ቁራጯ አስቀያሚ ነበረች። ተቦርቡራ፣ ነጭ ነጭ ዱቄት አውጥታ፣ በዚያ ንጹሕ ብረት መካከል ቁስል ትመስል ነበር።

ሰውየው አብሮ ሳቀ፤ ውስጡ ግን አፈረ። ካፈረ በኋላ ደግሞ ምክንያት ፈለገ፤ እንዲህ ነን። የበሰበሰ ድንች ከጤነኛው ጋር አይቀመጥም፣ ይህች ነገር ብረቴን ብትበክልብኝስ አለ። ቁልፍ አመጣ፣ ብሎኑን ፈታ፣ ቁራጯን ከቤቱ ኋላ ጣሪያ ሥር ካለው አሮጌ ዕቃ ላይ ወረወራት። ቦታዋን ቀለም ቀባው። ጀልባው እንደዚያ ቀን አምሮ አያውቅም ነበር። ወደ በያጁ ቤት መሄዱንም ተወው።

የመጀመሪያው ዓመት ምንም ሳይሆን አለፈ። ሰውን የሚያሳስተውም ይህ ዓመት ነው። በሁለተኛው ዓመት ከቀለሙ ሥር አበጥ አበጥ ያለ ነገር ታየ፤ ደርቦ ቀባበት። በሦስተኛው ዓመት ጀልባው ሰው ሞልቶ ከደሴት ሲመለስ ከወለሉ ውሃ ፈለቀ። ሰዎቹን እግዚአብሔር አወጣቸው፤ ዳርቻው ቅርብ ስለነበረ እየተደጋገፉ በእግራቸው ወጡ። ጀልባው ግን ከሆዱ ተቀዶ እዚያው ጭቃ ውስጥ ተቀመጠ። ጎትተው ሲያዩት ብረቱ በጣት ሲነኩት ይፈረፈር ነበር። ሚስቱ ከዳር ቆማ ታየው ነበር።

ያን ጊዜ ቁራጯ ትዝ አለችው። ሄዶ ከአሮጌው ዕቃ መሐል ፈልጎ አገኛት። አቧራዋን ጠርጎ አገላብጦ አያት። ሦስት ዓመት ሙሉ ተጥላ አንዳች አልጎደለባትም፤ የወረወራት ዕለት እንደነበረችው ናት። የገባው ይኼኔ ነው። በሽታው የእሷ አልነበረም። ከጀልባው ጋር ሳለች የተበላችው ለጀልባው የመጣውን ተቀብላ ነበር።

ይዟት ወደ በያጁ ሮጠ። «ጋሼ፣ ይኸው፣ ገና አላለቀችም፤ መልሰው ይግጠሙልኝ» አላቸው። አዛውንቱ ተቀበሉት፣ በመዳፋቸው መዘን መዘን አደረጓት።

«አዎ፣ ደኅና ነች፤ ገና ታገለግላለች» አሉ። «ግን ልጄ፣ የምትታሰርበት ጀልባ የታለ?»



እንግዲህ ለፈተናው የሚሆንሽን ጻፊ። ሳክሪፊሻል አኖድ ማለት አንድን ብረት ከዝገት ለማዳን አብሮት የሚታሰርና በእሱ ፋንታ የሚበላ ሌላ ብረት ነው። ኤሌክትሮኖቹን ከሚጠበቀው ብረት ቀድሞ የሚለቅ መሆን አለበት፤ ዚንክ ወይም ማግኒዥየም ይሆናል። መርከብ ላይ፣ መሬት ውስጥ በተቀበረ ቧንቧ ላይ፣ የውሃ ማሞቂያ ውስጥ ይገባል። ሳክሪፊሻል፣ ማለትም መሥዋዕት የሚሆን፣ ያሉት ለዚህ ነው። ይህን ከጻፍሽ ሙሉ ነጥብ ታገኛለሽ።

አሁን ደብተሩን ዝጊው።

ባለ ጀልባው እኔ ነኝ። አየልኝ የሚባል ታላቅ ወንድም ነበረኝ። አባታችን ሲሞት እሱ አሥራ ሰባት፣ እኔ አሥር ዓመታችን ነበር። እሱ ትምህርቱን ትቶ ድንጋይ ፈለጣ ገባ፣ እኔ ተማርኩ። የእናታችን ሕመም ሲመጣ ፊት የሚቆመው እሱ፣ ዘመድ በመሬቱ ሲሟገተን የሚሟገተው እሱ፤ እኔ ዘንድ የሚደርስ ነገር አልነበረም። ጎበዝ ተማሪ ይሉኛል፣ እኔም ራሴን ጎበዝ እላለሁ። እሱ በሃያ አምስት ዓመቱ የሽማግሌ እጅ ነበረው። ጣቶቹ አይዘረጉም፤ የድንጋዩ አቧራ ደረቱ ገብቶ ቀን ከሌት ያስላል። የተመረቅኩ ዕለት በጓደኞቼ መካከል ቆሞ እንዳይስል ብዬ «መንገዱ ሩቅ ነው፣ አትድከም፣ ይቅርብህ» ብዬ ላክሁበት። ገባው። አልመጣም። ከዚያ በኋላም መጥቶ አያውቅም፤ እኔም ዛሬ ነገ እያልኩ ሳልሄድ ቀረሁ።

ከእኔ ከተለየ በኋላ ድንጋዩን ትቶ አገባ፣ ወለደ፣ ሳሉ ተወው፣ ፊቱም ወዝ አወጣ አሉኝ። ይህን ሁሉ የሰማሁት በድንገት ሞቶ ቀብሩ ላይ ቆሜ ነው። ልጆቹ «እኚህ ሰውዬ ማን ናቸው?» ሲባባሉ ሰማሁ። እኔ እንደ ጀልባው አልሰጠምኩም ትዪኝ ይሆናል፤ ደመወዝም አለኝ፣ ቤትም አለኝ። ግን ከዚያ ወዲህ የመጣብኝ ነገር ሁሉ በመካከል የሚቆምልኝ ሳይኖር ነው የደረሰብኝ። ያኔ ነው እስከዚያ ድረስ ስንቱ ነገር እሱ ላይ ሲያርፍ እንደኖረ የቆጠርኩት። አንድ ጊዜ ሄጄ ያን እጁን ብስመው ኖሮ እላለሁ። አሁን ማለቱ ለማንም አይጠቅም።

ምሳሌዬ አንድ ቦታ ላይ እንደሚያነክስ አውቃለሁ። ዚንክ ሲያልቅ ሌላ ይገዛል፤ ወንድም አይገዛም። ስለዚህ ወንድም ያለው ሰው ማየት ብቻ አይበቃውም፤ ከሸክሙ ጥቂት ጥቂት እየተቀበለ ሊያሳርፈው ይገባል። እኔ ማየቱንም አላየሁ።

ትናንት፣ በወላጆች ቀን፣ በሩ ላይ ቆሜ ነበር። ሲሚንቶ የሚያራግፈው ወንድምሽ ሥራውን አቋርጦ፣ ልብሱን ሳይቀይር፣ ቅንድቡ ነጭ እንደሆነ መጣ። ጓደኞችሽ «ማነው?» ሲሉሽ «የሰፈራችን ሰው ነው» አልሽ። እኔ ሰማሁ፤ እሱም ሰማ። አልቆጣሽም፤ እኔ ማን ሆኜ ነው የምቆጣሽ? ለዚህ ነው መልሴን ያስረዘምኩብሽ። ዕንባሽን ጥረጊ፤ ያንቺ ጀልባ ገና ውሃ አላስገባም።

ነይ፣ በዚህ መስኮት እይ። ዛሬም ሊወስድሽ መጥቷል። ትናንት የቆመው በሩ ላይ ነበር፤ ዛሬ ከመንገዱ ማዶ ካለው ዛፍ ሥር ነው የቆመው። ጓደኞችሽም ገና በሩ ላይ ናቸው። ሂጂ፣ እነሱ እየሰሙሽ ወንድሜ ብለሽ ጥሪው።