ጉጡ የወጣለት ዋንዛ

አንድ ገበሬ ነበረ። አንድ ወንድ ልጅ ብቻ ነበረው፤ በደጁም አያቱ የተከሉት አንድ ትልቅ ዋንዛ ነበረው። ልጁንም ዋንዛውንም ይወዳቸው ነበር፤ ነገር ግን ዛፉን ሲያሞግስ ይሰማል እንጂ ልጁን ሲያሞግስ የሰማው ሰው አልነበረም።

ዝናብ ያልጣለበት ዓመት መጣ። ሳሩም ጭዱም አለቀ። በሬዎቹ ከተኙበት መነሣት ሲያቅታቸው ልጁ መጥረቢያውን ይዞ ዋንዛው ላይ ወጣ፤ ቅርንጫፉን እየቆረጠ ቅጠሉን አበላቸው። በሬዎቹ ዳኑ። ገበሬው ከገበያ ሲመለስ ግን ዐይኑ ውስጥ የገባው የበሬዎቹ መዳን አልነበረም፤ ራቁቱን የቆመው ዛፍ ነበር። ደሙ ፈላ። ጎረቤት እየሰማ፣ «እጅህን ያድርቀው!» አለው።

ልጁ መጥረቢያውን ግድግዳው ላይ አስደግፎ ወጣ፤ ብዙም ሳይቆይ ሰሊጥ ሊያጭዱ ከሚሄዱ ሰዎች ጋር ቆላ ወረደ። እዚያም ንዳድ ያዘውና ሞተ። የቀበሩት አብረውት የወረዱት ሰዎች ናቸው፤ ሬሳው እንኳ ለአገሩ አፈር አልበቃም። ገበሬው መርዶውን ሲሰማ ከለቀስተኛው ጋር አለቀሰ፤ ያቺን ቃል ግን ለማንም አላነሣትም። በልቡ፣ «ይቅር ብዬው ነበር እኮ፤ ሲመለስ ልነግረው ነበር» ይላል። አሁን ለማን ይንገረው?

ዓመታት አለፉ። የዋንዛው ቁስል ቅርፊት ለበሰ፤ ቅርንጫፍ በተቆረጠበት ሁሉ እንጨቱ ጠጥሮ ጉጥ ቋጠረ። አንድ ክረምት ዐውሎ ነፋስ መጣና ዛፉን ገነደሰው። የገበሬው ሚስት፣ የልጁ እናት፣ «እባክህ ለማገዶ አታድርገው። ረዘም ያለ አግዳሚ አሠራልንና ቤታችን ይግባ» አለችው። እሺ ብሎ ግንዱን ወደ አናጢ ወሰደው።

አናጢው ግንዱን ሰንጥቆ ሳንቃዎቹን ዘርግቶ አሳየው። በየሳንቃው ላይ ጉጡ ጠቁሮ፣ ክብ ክብ ሆኖ፣ እንደ ዐይን ይመለከታል። ገበሬው ፊቱን አዞረ።

«ይህን ሁሉ አውጣልኝ» አለ።

«ጉጡን ነው? አባቴ፣ ጉጡ ከወጣ እኮ ሳንቃው ሳንቃ አይሆንም፤ ይበጣጠሳል። እንዳለ ልላገው፤ ያምራል። ዛሬ ሰው ጉጥ ያለበትን እንጨት ለቤቱ ጌጥ ብሎ ፈልጎ ነው የሚያሠራው።»

«ሰው የፈለገውን ያሠራ። እኔ ቤት አይገባም። አውጣው አልኩህ።»

አናጢው ምን ያድርግ? የታዘዘውን ሠራ። ጉጥ ያለበትን እየቆረጠ ጣለ፤ ንጹሕ የሆነው ቦታ ጥቂት ነበርና ከዚያ ሁሉ ግንድ የወጣችው አንዲት ትንሽ በርጩማ ነበረች። ልስልስ ያለች፣ አንድም እንከን የሌለባት፣ ግን ሰው እንኳ በቅጡ የማታስቀምጥ። የተጣለውን ጉጥ የአናጢው ሚስት እያፈሰች ምድጃ ጨመረችው።

የገበሬው ሚስት አግዳሚውን ልታይ መጣች። በርጩማዋን አየች፤ ከዚያ ጎንበስ ብላ ወለሉ ላይ የተረፈውን ስብርባሪ በእጇ ፈተሸች።

«ጉጡስ?» አለች።

«ምን ያደርግልሻል? መልኩን አበላሸው እንጂ» አለ ባሏ።

«እኔ መቀመጫ ያጣሁ መሰለህ? የልጄን መቃብር አላየሁት። ልብሱም አልቋል። እጁ ያረፈበት ነገር የቀረኝ ያ ብቻ ነበር። ልዳብሰው ነበር የፈለግሁት።»

ገበሬው ፍቅፋቂው ላይ ቁጭ አለና ዓመታት ያፈነው ነገር ወጣ።

«ያን ቀን ምን እንዳልኩት አታውቂም። ‹እጅህን ያድርቀው› አልኩት። እያንዳንዱ ጉጥ ያንኑ ነው መልሶ የሚነግረኝ።»

«ሰምቼሃለሁ» አለች። «ቤት ውስጥ ነበርኩ። ወጥቼ ‹ተው› አላልኩህም። እኔስ የማለቅሰው ስለዚያ አይደለም?»

ከሳንቃው ሁሉ፣ አናጢው ለሥራ አይሆንም ብሎ ጥግ ያስደገፈው፣ ያልተነካ አንድ ቀርቶ ነበር፤ ከግንዱ ዳር የወጣ፣ ቅርፊቱ ያልተላጠ፣ መሐሉ ላይ ትልቅ ጉጥ ያለበት። ገበሬው ሕፃን እንደሚታቀፍ አቀፈው። አናጢውንም፣ «ይህን አትንካብኝ። እግር ብቻ አድርግለት» አለው።

አጭር አግዳሚ ወጣው፤ ሁለት ሰው ተጠጋግቶ የሚቀመጥበት። ቤታቸው አስገብተው ግድግዳው ሥር አኖሩት። ከሥራ ሲመለሱ ባልና ሚስት ይቀመጡበታል፤ ጉጡ በመካከላቸው ነው። እሷ እጇን ታሳርፍበታለች። እሱ መጀመሪያ መንካት አቃተው፤ ኋላ ግን ነካው። ያን ጊዜ ስለ ልጃቸው ማውራት ጀመሩ፤ ስለ ግትርነቱ፣ ስለ ሳቁ፣ በሬዎቹን ስለ ማዳኑ፣ ስለዚያችም ቃል። ምድጃ የገባው ግን ገባ፤ አመድ ተመልሶ እንጨት አይሆንም።

አንቺም ልጄ፣ «እህቴ ሞተች፤ ለቀስተኛው ሁሉ ደግነቷን ብቻ ያወራል። እኔ ግን የተኳረፍንባቸው ዓመታት እየመጡ ያስጨንቁኛል። ከልቤ እንዲወጡልኝ ምን ላድርግ?» ብለሽ ጠየቅሽኝ። ገበሬው አንቺ ነሽ፤ ጉጡም ኩርፊያችሁ ነው። ቆርጠሽ ልታወጪው ትችያለሽ። ነገር ግን ከእህትሽ ጋር አብሮ የበቀለ ነውና እሱን ስታወጪ እሷም ትቆረጣለች፤ በእጅሽ የምትቀረው እንከን የሌለባት፣ ግን አንቺ የማታውቂያት አንዲት ሴት ናት። ለእሷ ደግሞ እንባ አይመጣልሽም። ስለዚህ እንዲወጣልሽ አልጸልይልሽም። ሂጂ፤ ያስቀየመችሽንም ያስቀየምሻትንም ይዘሽ፣ እህትሽን ራሷን አልቅሺላት።