ለበሬው የተነገረው አዋጅ

ጠጋ ጠጋ በሉ፣ ልጆች። አንተ እዚያ ጥግ የምትስቀው፣ ዝም በል፤ የሚያስቀው ገና አልመጣም።

በድሮ ዘመን የሺመቤት የምትባል ባሏ የሞተባት ብልህ ሴት ነበረች። ጎረቤቷ ደምለው ጎበዝ አራሽ ነበር፤ እዳ ሲጠየቅ ግን «ነገ፣ ነገ» ማለት ይወዳል። ግብር የሚሰበስበው የአገሩ ጭቃ ሹም ደርሶ የሚባል ስስታም ነበር። አዋጅ ነጋሪው በላቸው ደግሞ ድምፁ ገደል ይሰነጥቃል እንጂ ተንኮል የሚባል ነገር አያውቅም።

የሺመቤትና ደምለው አንድ በሬ ነበራቸው። እሷ ጊደር፣ እሱ አራት ፍየል ሰጥተው በጋራ የገዙት ነው። ደምለው በሬውን ከሌላ ጎረቤት በሬ ጋር እያቀናጀ ሦስት ቀን የእሷን፣ ሦስት ቀን የራሱን መሬት ያርሳል። እሁድ በሬውም ሰውም ያርፋል።

አንድ ዓመት ደምለው የሁለት ዳውላ ገብስ ግብር ሳይከፍል ቀረ። ክረምቱ ሊገባ ሲል ጭቃ ሹሙ መጣና በሬውን ነድቶ ወሰደ።

የሺመቤት ደነገጠች። ዝናቡ ደርሷል፤ መሬቷ ካልታረሰ አራት ልጆቿ ምን ይበላሉ?

ወደ ሹሙ ሄደች። ሦስት ጊዜ አዋጅ ተነግሮ ባለድርሻ ነኝ ያለ ስላልመጣ በሬው ለእሱ ሆኗል አላት። ወደ ሽማግሌዎች ሄደች። ሦስት ጊዜ ከተነገረማ ምን ይደረጋል ብለው ከንፈራቸውን መጠጡላት። ከንፈር መምጠጥ ደግሞ መሬት አያርስም። ወደ ዳኛው ሄደች። ዳኛው ሁሉንም አደባባይ አስጠራ።

ሹሙ ሕጉን አሳምሮ ተናገረ። በእዳ የተያዘ ንብረት ሦስት ጊዜ ይታወጅበታል፤ ድርሻ ያለው ይቀርባል፤ የቀረ ቀረ። በላቸውም ሦስት ጊዜ ማወጁን ማለ። ደግሞም አልዋሸም።

የሺመቤት ነጠላዋን አደግድጋ ተነሣች። አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅ ብላ ዳኛውን አስፈቀደችና ወደ አዋጅ ነጋሪው ዞረች።

«አያ በላቸው፣ አዋጁን የት ሆነህ ነገርክ?»

«በጭቃ ሹሙ በረት ውስጥ።»

«ማን ሰማህ?»

በላቸው ራሱን አከከ። «በሬው ነበረ» አለ።

ሰዉ ሁሉ ሆዱን ይዞ ሳቀ። አሁን ሳቅ፣ አንተ። ዳኛው ግን አልሳቀም።

«እንግዲህ በሬው ሰምቷል» አለ። «ለባለቤቶቹ ግን አልነገራቸውም። ሕጉ ሦስት ጊዜ ይነገር ያለው ባለድርሻው እንዲሰማ ነው። ይህች ሴት ሳትሰማ ተወሰደባት፤ ይህ ዝርፊያ እንጂ ፍርድ አይደለም።»

በሬው የዚያኑ ዕለት ወደ ቤቱ እንዲመለስ፣ የእሷም ድርሻ በሰው እዳ እንዳይነካ ፈረደ። ደምለውንም አልማረውም፤ እዳ እዳ ነው ብሎ ዋስ አስጠራውና እስከ መኸር ቀን ሰጠው። ሹሙን ደግሞ ሦስት የገበያ ቀን ድንጋይ ላይ ቆሞ የበሬው እኩሌታ የየሺመቤት መሆኑን በገዛ አፉ እንዲያውጅ አዘዘው።

ሹሙ በመጀመሪያው ገበያ አንሾካሾከ። ገበያተኛው አልሰማንም አለ፤ አልተቆጠረለትም። በሁለተኛው እየሳለ ተናገረ። አሁንም አልተቆጠረለትም። ከዚያ ወዲያ የአንገቱ ሥር እስኪገተር ጮኸ። ሦስቱን ገበያ ለመሙላት አምስት ገበያ ፈጀበት።

የሺመቤት ግን በፍርዱ ዕለት በሬዋን ይዛ ስትመለስ መንገድ ላይ ቁጭ ብላ አለቀሰች። የእፎይታ ልቅሶ ነው፤ እሱ ልቅሶ ደስ ይላል። በማግስቱ መሬቷ ታረሰ። በመኸሩ ልጆቿ ጠገቡ፤ ደምለውም ሁለቱን ዳውላ ገብስ ሰፍሮ ከፈለ።

ልጆች፣ የአንዱ እዳ በሌላው ድርሻ አይከፈልም። የሰው ንብረት የሚይዝ ሹምም አስቀድሞ ባለቤቱን ይስማ። የእኔ ተረት በዚሁ አለቀ፤ ያልሰማህ ስማ፣ የሰማህ አሰማ።