የደብሪቱ ውዝፍ ደመወዝ

ስሙኝማ፤ ግን ስትሰሙኝ ፊቴን አትዩኝ።

ደብሪቱ አንዲት ክፍል ቤት ፈለገች። ሰፊ አይደለም፤ ለእናትና ለልጅ አልጋ የሚበቃ። ያለ ጥፋቷ ከመሥሪያ ቤታችን ስትባረር ኪራይ አቅቷት ልጇን ብሩክታዊትን እህቷ ዘንድ ልካ ነበር። ከሁለት ዓመት በኋላ ፍርድ ቤት "ወደ ሥራዋ ትመለስ፤ ውዝፍ ደመወዟም ይከፈላት" አለ። እሷ ተመለሰች፤ ውዝፉ ግን የውሃ ሽታ ሆነ።

ወደ አከራዩ ሄደች። አቶ ገብረየስ "የሦስት ወር ቅድሚያ ካልከፈልሽ ቁልፍ አልሰጥም" አሉ።

ወደ ገንዘብ ያዡ ሄደች። "ጋሼ መንበሩ፣ ውዝፌን ይክፈሉኝ፤ አከራዩ ቁልፍ አልሰጥም አሉ፤ ልጄን ላመጣ ነው።" ጋሼ መንበሩ ከመስኮቱ ጀርባ ሆነው "ማዘዣ ሳይመጣልኝ አልከፍልም" አሉ።

ወደ ሒሳብ ሹሟ ሄደች። "እትዬ አጸደ፣ ማዘዣ ይጻፉልኝ፤ ገንዘብ ያዡ አልከፍልም አሉ፤ አከራዩ ቁልፍ አልሰጥም አሉ፤ ልጄን ላመጣ ነው።" እትዬ አጸደ ቀና ሳይሉ "የሰው ሀብት ደብዳቤ ሳላይ ማዘዣ አልጽፍም" አሉ።

ወደ ሰው ሀብት ኃላፊው ሄደች። "አቶ ተካልኝ፣ ደብዳቤ ይጻፉልኝ፤ ሒሳብ ሹሟ ማዘዣ አልጽፍም አሉ፤ ገንዘብ ያዡ አልከፍልም አሉ፤ አከራዩ ቁልፍ አልሰጥም አሉ፤ ልጄን ላመጣ ነው።" ተካልኝ "ሲባረሩ ደመወዝዎ ስንት እንደነበር ከፋይልዎ ሳላይ ደብዳቤ አልጽፍም" አለ።

ወደ መዝገብ ቤት መጣች። መዝገብ ቤት ደግሞ እኔ ነኝ። "ወንድሜ ደምለው፣ ፋይሌን አውጣልኝ፤ ሰው ሀብት ደብዳቤ አልጽፍም አሉ፤ ሒሳብ ሹሟ ማዘዣ አልጽፍም አሉ፤ ገንዘብ ያዡ አልከፍልም አሉ፤ አከራዩ ቁልፍ አልሰጥም አሉ፤ ልጄን ላመጣ ነው።"

እኔስ ምን አልኩ? "ፈልጌ አጣሁት፤ ነገ ነይ!" ምን ይጠፋል! ስትባረር "ይቺ ከእንግዲህ አትመለስም" ብዬ፣ ያንን ወፍራም ፋይሏን የሚንገዳገደው ጠረጴዛዬ እግር ሥር ሸጉጬዋለሁ። ባለጉዳይ ቆሞ እያየኝ ጎንበስ ብዬ ከዚያ ማውጣት አፈርኩ። አፍሬ ዋሸሁ፤ ዋሽቼ ደግሞ አፈርኩ። በነጋታው መጣች፤ "ነገ ነይ" አልኳት። ሦስት ሳምንት ሙሉ አመላለስኳት።

አንድ ሰኞ ጠዋት መጣችና "ሰው ሀብት ደብዳቤ አልጽፍም አሉ፤ ሒሳብ ሹሟ ማዘዣ..." ብላ መሐል ላይ ተወችው።

"ትናንት ስደውል ብሩክቲ እህቴን 'እማዬ' ስትላት ሰማኋት" አለች። "እኔን 'እትዬ' አለችኝ።"

መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ባለጉዳዩ ሁሉ እያየኝ ተንበረከክኩ፣ ጠረጴዛውን በትከሻዬ አነሳሁ፣ ፋይሉን ጎትቼ አወጣሁ። ራሴ ይዤው ሮጥኩ።

ከዚያማ ተካልኝ ፋይሉን አይቶ ደብዳቤውን ጻፈ፤ እትዬ አጸደ ደብዳቤውን አይተው ማዘዣውን ጻፉ፤ ጋሼ መንበሩ ማዘዣውን አይተው ውዝፉን ከፈሉ፤ አቶ ገብረየስ ብሩን አይተው ቁልፉን ሰጡ፤ ደብሪቱም ልጇን አመጣች። ለካ ሁሉም የሁለት ቀን ሥራ ነበር!

ሳምንት ቆይቼ "ይቅር በይኝ፤ ፋይልሽ ጠፍቶ አልነበረም" አልኳት።

"አውቃለሁ" አለችኝ። "በመጀመሪያው ቀን ስሜን ከጠረጴዛው እግር ሥር አንብቤዋለሁ።"

"ታዲያ ምነው ዝም አልሽ?"

"በሰው ፊት ባጋልጥህ እልህ ይዞህ ፋይሌን ጨርሶ ታጠፋብኛለህ ብዬ ፈራሁህ።"

እኔን! ዶሮ እንኳን እሽ ብላት የማትሸሽልኝ ሰው ነኝ። ደብሪቱ ግን ሦስት ሳምንት ፈርታኝ፣ እያወቀች "ወንድሜ" እያለች ለምናኛለች። ይኸው አወራኋችሁ፤ ከዚህ በላይ የምለው የለኝም።