ያደረ የሳሙና ውሃ

አንዲት ሴት ነበረች፤ ከያዘች የማትለቅ ዓይነት ሴት። እንዲህ ያሉትን ታውቋቸዋላችሁ። እዚህም መካከላችን አሉ፤ ባሎቻቸው አሁን ቀና ብለው እያዩኝ ነው። ይህች ሴት ዲላ ከተማ ትኖር ነበር። ስሟን ስንዱ እንበላት። አንድ ቀን ጠዋት ግቢዋ መሃል ቁጢጥ ብላ በባልዲ የሳሙና ውሃ ትመታለች። ልብስ ግን የለም። አንድ ካልሲ እንኳ የለም። ሳሙና፣ ውሃ፣ ስኳርና ግሊሰሪን ብቻ።

ጎረቤቷ እትዬ አልጋነሽ በአጥሩ በኩል አይዋት።

"አንቺ ስንዱ፣ ስኳር ተጨምሮ የሚታጠበው ምን ዓይነት ልብስ ነው?"

"ልብስ አይደለም እትዬ። የሳሙና ፊኛ ልሠራ ነው። ልጆች እፍ እያሉ እንደሚያበሩት፣ ግን ትልቅ፤ ሰው የሚያህል።"

"ለልጆችሽ?"

"ለአባዬ።"

የስንዱ አባት ጋሽ ዘውገ ዕድሜያቸውን ሙሉ ከባድ መኪና የነዱ፣ ሲናገሩ ሰፈር የሚሰማቸው ሽማግሌ ናቸው። ለእርሳቸው የሳሙና ፊኛ? እትዬ አልጋነሽ "ወይ ጉድ፣ ልጅቱን ነካ አድርጓታል" እያሉ ወደ ቤታቸው ገቡ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጋሽ ዘውገ በክረምቱ ጭቃ ተንሸራትተው ወድቀው ቀኝ ትከሻቸው ተሰበረ። ጀሶው ሲፈታ አጥንቱ ገጥሟል፤ ትከሻው ግን እንደ ዛገ ማጠፊያ ደርቋል። የሆስፒታሉ ባለሙያ "አባባ፣ ከእንግዲህ ሥራው የእርስዎ ነው" አለቻቸው። "በሁለት እጅዎ ዱላ ይያዙና በየቀኑ ቀስ እያሉ ወደ ላይ ያንሱ። ያማል፤ ቢያምም ያንሱ። አሁን ካልተንቀሳቀሰ እንዲሁ እንደደረቀ ይቀራል።"

አነሱ? አላነሱም። "እኔ ዘውገ፣ እጅ ወደ ላይ፣ እጅ ወደ ታች እየተባልኩ እንደ አፀደ ሕፃናት ልጅ ልጫወት?" አሉ። ዱላውን ከአልጋው ሥር አስገቡት።

ይህ ብቻ ቢሆን ምንም አልነበረም። ቀኝ እጃቸው ከደረታቸው አያልፍም፤ አፋቸው ጋ አይደርስም። እኛ ደግሞ ምን ዓይነት ሰዎች ነን? በግራ እጅ ገበታ አንነካም። ስለዚህ ምግብ ሲቀርብ ጋሽ ዘውገ "ጠግቤያለሁ" ይላሉ። ጠግበው አይደለም። ምግባቸውን ክፍላቸው ድረስ ያስወስዱና በሩን ዘግተው፣ ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዙረው በግራ እጃቸው ይበላሉ። የልጅ ልጆቻቸው ሁለት ሴቶች ናቸው፤ ከአባባ እጅ ጉርሻ ሳይቀበሉ በልተው አያውቁም ነበር። አሁን አያታቸውን በምሳ ሰዓት የሚያውቁት በተዘጋ በር ነው። ስንዱ አንድ ቀን ሳታንኳኳ ገብታ አባቷን እንደዚያ ሆነው አየቻቸው። ወጥታ ጓዳ ውስጥ አለቀሰች። ያ ትከሻ ካልተነሳ አባቷ እስኪሞቱ ድረስ ግድግዳ እያዩ ሊበሉ ነው።

ታዲያ ምን አደረገች? እኛ ሁላችን የምናደርገውን አደረገች። ተናገረች። ጠዋት ተናገረች፣ ማታ ተናገረች። ለመነች፣ ተቆጣች፣ ሽማግሌ ላከች፣ የነፍስ አባት ጠራች። "አባዬ ለልጆቹ ብለው፣ አባዬ ለእኔ ብለው፣ አባዬ ለእግዚአብሔር ብለው።" እሷ ስትናገር እሳቸው ወደ ግድግዳው ይዞራሉ። ይባስ ብሎ ከክፍላቸው መውጣትም ተዉ።

በዚህ መሃል የልጆቿ ትምህርት ቤት የወላጆች ቀን ሆነ። ሜዳው ላይ አንድ ጎረምሳ በሁለት እንጨት መካከል የታሰረ ገመድ የሳሙና ውሃ ውስጥ እየነከረ፣ እጆቹን ወደ ላይ እያነሳ፣ በር የሚያህል የሳሙና ፊኛ ይለቃል። ሕፃናቱ ይንጫጫሉ፤ ወላጅ ሁሉ አንገቱን ወደ ሰማይ ሰቅሎ ፊኛውን ያያል። ስንዱ ግን ፊኛውን አላየችም። የጎረምሳውን ክንዶች ነው ያየችው። ሁለቱም እጆች፣ ዱላ ይዘው፣ ቀስ ብለው ወደ ላይ። ሐኪሟ ያለችው ማለት ይህ አይደለም? ሮጣ ሄዳ ምን ምን እንደሚገባበት ጠየቀችው። ውሃ፣ ፈሳሽ ሳሙና፣ ትንሽ ስኳር፣ ከፋርማሲ ግሊሰሪን አላት። አሠራሩን ሳይነግራት ልጆቹ እየጎተቱ ወሰዱት።

ቤቷ ገብታ ሁለት የመጥረጊያ እንጨት አወጣች። ከአሮጌ ነጠላዋ ገመድ ገመደች። ሳሙናውን ቀላቀለች። እስከዚህ ድረስ አልተሳሳተችም። ከዚያ ግን መምታት ጀመረች። ለምን ትመታለች? ልብስ በእጁ ያጠበ ሰው ይመልስልኝ። እናቶቻችን ሳሙና ገዝተው አረፋው ኩፍ ካላለ "ይኼ ምኑን ሳሙና ሆነ" ብለው ለባለሱቁ ይመልሱለት የለ? እኛ አገር ሳሙና የሚታወቀው በአረፋው ነው። ስለዚህ ስንዱ አረፋው ከባልዲው እስኪገነፍል መታችው። ገመዱን ነከረች፣ አነሳች። የአረፋ ጓል ጠብ ጠብ አለ እንጂ ፊኛ የሚባል አልወጣም። "አልተመታም ማለት ነው" አለች። ሳሙና ጨመረች፤ ክንዷ እስኪዝል መታች። አረፋው በዛ። ፊኛ ግን የለም።

በማግስቱም እንዲሁ፣ ከዚያ በኋላም እንዲሁ። ልጆቿ በመጀመሪያ ሳቁ፣ ኋላ ሰለቻቸው። አንድ ቀን ከመስኮቱ ውስጥ የጋሽ ዘውገ ድምፅ መጣ፤ "ስንዱ፣ ሞተሩ ካልተነሳ ነዳጅ ብትጨምሪበት ምን ይፈይዳል?"

"እንግዲያው ይውጡና እርስዎ ያስነሱት" አለች በንዴት። መስኮቱ ተዘጋ። እሷም እንደገና መምታቷን ቀጠለች።

ያን ዕለት ወደ ማታ የሰፈር ልጆች "ውሃ መጣ" ብለው ጮኹ። ቧንቧው በፈረቃ ለሚመጣለት ሰው ይህ ምን ማለት እንደሆነ አልነግራችሁም። ስንዱ ባልዲውን በሰፌድ ከድና ጀሪካኖቿን ልትሞላ ሮጠች። ሞልታ ስትጨርስ ወገቧ ተቆርጦ ነበር፤ ባልዲው ትዝ አላላትም፤ ተኛች።

ጠዋት ሰፌዱን ስታነሳ አረፋ የሚባል የለም። ወለል ያለ፣ ወፈር ያለ፣ ዝም ያለ ውሃ ብቻ።

"ይኼማ ሞቷል። ድፊውና ግልግል ነው" አሉ እትዬ አልጋነሽ ከአጥሩ ማዶ።

"ስኳር ገብቶበት እንዴት ይደፋል?" አለች ስንዱ። ለመምታት ግን ክንዷ አልታዘዛትም። እንዲሁ ገመዱን አጠለቀችና ቀስ ብላ አነሳችው። ጥጃ የሚያህል የሳሙና ፊኛ ከእጇ ላይ ተነሣ። እየተንገዋለለ አጥሩን ተሻግሮ የእትዬ አልጋነሽ ቆርቆሮ ላይ ሄዶ ፈነዳ። ሴትዮዋ አፋቸውን በነጠላቸው ያዙ።

ልጆቹ ተሯሩጠው እንጨቱን ተቀበሏት። ግን በጥድፊያ ወደ ላይ ስበው ይበጥሱታል። ያነሱታል፣ ይፈነዳል፤ ያነሱታል፣ ይፈነዳል። ይኼኔ ከኋላቸው በሩ ተከፈተ። ጋሽ ዘውገ ደፉ ላይ ቆመው ያያሉ።

አሁን ልብ በሉልኝ። ስንዱ ልቧ ዘለለ። የሰነበተው ንግግር ሁሉ ምላሷ ላይ መጣ፤ "አባዬ ይኸው ዱላው፣ አባዬ ይያዙት፣ አባዬ እጅዎን።" መጣ፣ ዋጠችው። ያደረውን ባልዲ አይታ ነው የዋጠችው። እንጨቶቹን ደጅ ካለው በርጩማ ላይ አስደግፋ፣ አንድ ቃል ሳትተነፍስ ወደ ጓዳ ገባች። ያን ያህል የከበዳት ሥራ በሕይወቷ የለም።

"አትጣደፉ እንጂ! ቁልቁለት ላይ እንዲህ ይነዳል?" አሉ ጋሽ ዘውገ ልጆቹን። ቆይተው እንጨቶቹን አነሱ። ግራቸው ወጣ፤ ቀኛቸው ደረታቸው ጋ ሲደርስ ጥርሳቸውን ነከሱ። መፍጠን ቢፈልጉም አይችሉም፤ ሕመሙ አያስፈጥናቸውም። እጁ ስለዘገየ የሳሙናው ውሃ አልተበጠሰም። ገመዱ ውስጥ እየተነፋ፣ እየሰፋ ሄደ። "አባባ ከፍ" አሉ ልጆቹ፣ "ትንሽ ከፍ።" ከደረታቸው አለፈ። አንገታቸው ጋ ደረሰ። ግንባራቸው በላብ ራሰ። ከዚያ ግቢ እንደዚያ ያለ ፊኛ ወጥቶ አያውቅም። ስንዱ ጓዳ ውስጥ መዝጊያውን ይዛ ታይ ነበር።

ከዚያ ወዲያ ማታ ማታ ትቀላቅላለች፣ ትከድናለች፣ ጠዋት ባልዲውን ደጅ ታወጣለች። ምክር የለም፣ ለቅሶ የለም። አባቷ በሚወጡበትም ቀን በማይወጡበትም ቀን ባልዲው ይወጣል። ብዙ ጊዜ ፈጀ። አንድ እሑድ ምሳ ላይ ጋሽ ዘውገ መጥተው ገበታው ላይ ተቀመጡ። በቀኝ እጃቸው ጠቀለሉ። ወደ ስንዱ ዘረጉት። እጁ ይንቀጠቀጣል፤ ወጡ ቀሚሷ ላይ ይንጠባጠባል። እሷ አንገቷን ሰግጋ ልትቀበል ትችል ነበር። አልሰገገችም። አፏን ከፍታ፣ እንባዋ እየወረደ፣ የአባቷ እጅ እስኪደርስ ጠበቀች።

ወገኖቼ፣ እናንተስ ማንን ነው የምትመቱት? በቃል ማለቴ ነው። ጫት አልተው ያለውን ልጅ ነው? ቤተ ክርስቲያን አልሄድም ያለውን ባል? ያኮረፈችውን እህት? ቃላችሁ ስህተት ነው አልልም። ሳሙናውም ደህና ሳሙና ነበር። ግን ስንት ዓመት ተናገራችሁ? ምን ወጣ? አረፋ። አረፋ ብዙ ሥራ የሠራን ያስመስለናል፤ ክንዳችን ስለዛለ ብቻ ነገሩ የተፈጸመ ይመስለናል። እግዚአብሔር የሚሠራበት ጊዜ ሳንሰጠው እንደገና እንመታለን።

ተዉት ማለቴ አይደለም። ከዚህ ወጥታችሁ "ሰባኪው ተዉት ብሎናል" እንዳትሉኝ። ስንዱ አንድም ቀን አልተወችም። ማሳደርና መተው ለየቅል ናቸው። የተወ ሰው ባልዲውን ይደፋዋል፤ ያሳደረ ሰው ይከድነዋል፣ ጠዋት ተነሥቶ ያወጣዋል።

እናንተ ደግሞ እጃችሁ የደረቀ፣ ኀፍረት ይዟችሁ ፊታችሁን ወደ ግድግዳ አዙራችሁ የምትበሉ፤ አላችሁ፣ አውቃለሁ። ቀልጥፉ ያላችሁ የለም። እየተንቀጠቀጠም ቢሆን አንሡት።

ዛሬ ቤታችሁ ስትገቡ ያ ሰው እዚያው ይጠብቃችኋል። የምትነግሩት ነገርም አሰናድታችኋል፤ ይኸው አሁን እንኳ ምላሳችሁ ላይ ነው። ዋጡት። ምሳ አቅርቡለት፣ አጠገባችሁ ቦታ ልቀቁለት፣ ጸልዩለት። ዛሬ ባይመጣ ነገም አቅርቡ። ነገ ባይመጣ ከነገ ወዲያ።