ለዘይት መጭመቂያው የተጠራ ዋስ

በአንድ ወቅት፣ ኑግ በሚበዛበት አገር፣ አጉማስ የሚባል ገበሬ ሁለቱንም በሬዎቹን ሸጦ የዘይት መጭመቂያ ማሽን ሊገዛ ከተማ ገባ። ጎረቤቱን አንሙትንም አስከትሎ ነበር፤ ማሽን ሻጯ ስመኝ የአንሙት አበልጅ ናትና።

ስመኝ ነገር የምትሸፋፍን ሴት አልነበረችም። የዋስትናውን ወረቀት አውጥታ ከላይ እስከ ታች አነበበችላቸው። ማሽኑ ዓመት ሳይሞላው ቢበላሽ ታድሳለች፣ ካልሆነም ትተካለች። ነገር ግን ገዢው በየጊዜው ሳያጸዳው ቢቀር፣ ወይም የማርሹን ሽፋን የያዘውን የእርሳስ ማኅተም ቢሰብር፣ እሷ የለችበትም።

አጉማስ ራሱን ነቀነቀ። «እሜቴ፣ እኔ በሬ ስገዛ እንኳ ሻጩ ሰው ዋስ ይጠራልኛል። ወረቀት ነገ ቢክደኝ በየት አገኘዋለሁ? ሰው ይጥሩልኝ።»

ስመኝ ሳቀች። «በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል ሲባል አልሰማህም?»

«ሰምቻለሁ። ሰው ካልጠሩልኝ ግን አልገዛም።»

ገበያው ሊፈርስ ሆነ። አንሙት ደግሞ ሁለት ወዳጆቹ ፊት ሲነሣሡ ማየት የማይችል፣ የሰው ነገር እንደ ራሱ ነገር የሚያሳክከው ሰው ነው። ማንም ሳይጠይቀው ዘሎ መሃል ገባ። «እኔ ዋስ ነኝ! አበልጄን አውቃታለሁ። ይህ ማሽን ዓመት ሳይሞላው ቢቆም፣ አጉማስ፣ ቦራ በሬዬን ውሰድ!» አለ። ቢጸዳ ባይጸዳ፣ ማኅተሙ ቢሰበር ባይሰበር የምትል አንዲት ቃል እንኳ አልጨመረም። የቸኮለ አፍ መቼ ይህን ሁሉ ያስባል?

ማሽኑ ለወራት ደህና ሠራ። ዘይቱ ለጾመኛ፣ ከተጨመቀው የቀረው ፋጉሎ ለከብት ሆነ፤ አጉማስም በሬዎቹን መናፈቅ ተወ። ሁዳዴ ሊገባ ሲል ሰዉ ኑጉን እየተሸከመ ተሰለፈ፤ ከተሰለፉትም አንዷ የአንሙት ሚስት ውዴ ነበረች። ጎንበስ ብላ ኑጓን ስታፈስ፣ አንገቷ ላይ ያጣፋችው ነጠላ ሞተሩን ከመጭመቂያው በሚያገናኘው፣ ቺንጋ በሚባለው የጎማ ቀበቶ ተያዘና ወደ ብረቱ ይጎትታት ጀመር።

አጉማስ ሮጦ የሞተሩን ማጥፊያ ገፋ። አልነቃነቅ አለ። ደግሞ ገፋ፤ እምቢ። ያን ጊዜ ከግድግዳው ጥግ ዲጅኖ አነሣና ሽፋኑንም ማኅተሙንም በርቅሶ ማርሹ መሃል ሰነቀረው። ብረት ጮኸ፤ ማሽኑ ቆመ። ውዴ አንገቷ ተልጦ፣ ትንፋሿ ተቆራርጦ፣ ግን በሕይወት ወጣች። ማርሹ ጥርስ አልቀረለትም።

አንሙት ሚስቱን አቅፎ አለቀሰ። ከዚያ ነው ትዝ ያለው፤ ለካ ዓመቱ አልሞላም። ከዚያች ቀን ወዲህ መቀመጫ አጣ። በረት ይገባል፣ ቦራን ያያል፣ ይወጣል፤ ደርሶ ደግሞ ይመለሳል። ቦራ ከሄደ የሚቀረው አንድ በሬ ነው፤ በአንድ በሬ አይታረስ፣ የእርሻው ወራት ደርሷል፣ ልጆቹ ከማሳው በቀር ሌላ ጓዳ የላቸውም።

በመጨረሻ አጉማስ፣ አንሙትና ስመኝ ሽማግሎች ፊት ቀረቡ፤ ውዴም ባሏን ተከትላ መጣች።

ስመኝ መካኒኳን ይዛ መጣች። ማጥፊያው ሲፈታ ውስጡ የኑግ ብናኝና ዘይት ደርቆበት ተገኘ። «አዲስ ማጥፊያ በነጻ አምጥቻለሁ» አለች። «ማርሹን ግን እኔ አልሰበርኩም። አጽዱ ብዬ አንብቤላችኋለሁ። የውዴ መትረፍ ለኔም እልልታ ነው፤ ዲጅኖ የገባበትን ሁሉ ልተካ ብል ግን ሱቄ ይዘጋል።»

አጉማስ ብድግ አለ። «ለኑግ ብለው ሸጡልኝ፤ ኑግ የሚያንቀው ማጥፊያ ለኑግ ተሠራ ይባላል? በላይ በላዩ አጽድቻለሁ፤ ውስጡን ማን አሳየኝ? ወይስ ማኅተም ሳልነካ ውዴን ልቅበር ኖሯል?» ወደ አንሙት ሲዞር ግን ድምፁ ወረደ። «ወንድሜ፣ ሚስትህን አድኜ በሬህን አምጣ ስል አፍራለሁ። እኔም ግን በሬ የለኝ፣ ማሽን የለኝ። እሷ አልክስም ካለች ከዋሴ በቀር ማንን ልያዝ?»

አንሙት ቦራን እየሳበ ነበር የመጣው። «ብያለሁ፤ ያልኩትን አልክድም» አለ። ገመዱን ሊዘረጋ ሲል ውዴ ከኋላው ያዘችበት። «ይህ ማሽን እኔን ሊበላኝ ነበር። አሁን ደግሞ የልጆቼን እንጀራ ይብላ?»

አንዱ ሽማግሌ «ወረቀቱን ሰምቶ ገዝቷል፤ አጉማስ ይቻለው» አሉ። ሌላው «ሲያጠፉት የማይጠፋ ማሽን ሸጣ እንዴት ነጻ ትወጣለች? ስመኝ ትካስ» አሉ። ሦስተኛው ጢማቸውን እየነጩ «ከተናገሩት ከሚጠፋ የወለዱት ይጥፋ ተብሏል፤ ዋሱ ይስጥ» አሉ። ተጨቃጨቁ፤ አልተስማሙም።

አንሙት ገመዱን እንደያዘ ቆሞ ቀረ። ከፊቱ ሚስቱን ከሞት የነጠቀለት ሰው እጁን ዘርግቷል፤ ከኋላው ያቺው የተረፈችው ሚስቱ ትጎትተዋለች፤ ከጎኑ አበልጁ መሬት መሬት ታያለች።

እናንተ የሰማችሁ ሁሉ፣ በሉ ፍረዱ፦ የተሰበረውን ማሽን ማን ይክፈል? አስጠንቅቃ የሸጠችው ስመኝ፣ ሰብሮ ነፍስ ያዳነው አጉማስ፣ ወይስ ማንም ሳያስገድደው ዋስ የሆነው አንሙት?