ያልተሰበረው እንስራ

ልጄ፣ የአባትህን መወርወሪያ ልጅህ ሽመና ልትማርበት ብትጠይቅህ፣ ትሰብረዋለች ብለህ ፈርተህ ሣጥን ውስጥ ቆለፍህበት። «ጋሼ፣ አጠፋሁ ወይ?» ብለህም ጠየቅኸኝ። እንግዲህ ስማ።

አንዲት ሸክላ ሠሪ ነበረች። በመንደሯ ባለሙያ ሴት ስትሞት የመጨረሻ እንስራዋ ይሰበራል፤ ገሉም ይወቀጥና ልጇ ከምትሠራበት ጭቃ ጋር ይለወሳል። የእናት ቆሌ ወደ ልጅ እጅ የሚሻገረው በዚህ ነው ብለው ያምኑ ነበር። በከንቱ ያምኑ ነበር ልል ነበር፤ ግን አልልም፤ ገል ያልገባበት ጭቃ እሳት እንደማይችል ኋላ ተምሬአለሁ። ከሌላ ቤት ገል መዋስ፣ እሳት ውስጥ የተሰነጠቀውንም መውቀጥ ደግሞ ነውር ነበር።

የዚህች ሴት እናት በሞተች ጊዜ ግን ለመስበር እጇ አልታዘዝ አላት። በእንስራው አንገት ዙሪያ የእናቷ አውራ ጣት ያተመው ጌጥ ነበረ፤ ጧት ጧት ትዳስሰው ነበር። መደርደሪያ ላይ አኖረችውና ጭቃዋን ያለ ገል ለወሰች። የሠራችው ሁሉ እሳት ውስጥ ተሰነጠቀ። ሦስት ክረምት፣ ይቅርታ፣ በክረምት ሸክላ አይተኮስም፣ ሦስት በጋ እንዲሁ ሆነ። ጎረቤቶቿም «ማሰሮዋ ውሃ ባይዝ ሐሜት ይይዛል» እያሉ ይስቁባት ነበር።

ሙያውን ልትተው በቆረጠችበት ቀን አንዲት አሮጊት ጎረቤቷ ገቡ። ቀና ብለው እንስራውን አዩና፣ «ልጄ፣ እናትሽ በዕድሜዋ አንድ ቀን ሥራ ፈትታ ተቀምጣ አታውቅም። አሁን ምን በድላሽ ነው የሰቀልሻት?» አሏት።

ሴትዮዋ ተነሣች። ከዚያ እንስራውን አወረደች፤ ጌጡን ለመጨረሻ ጊዜ ዳሰሰችና ሰበረችው። እያለቀሰች ወቀጠች፣ እያለቀሰች ለወሰች። አዲሱን እንስራ ስትጨርስ፣ አውራ ጣቷ ሳታዝዘው ያንኑ ጌጥ በአንገቱ ላይ አተመ። እንስራውም እሳቱን ቻለው።

እናቷን ያን ቀን አጣቻት ልልህ ነበር፤ እንዲህ አይደለም። በልጅነቴ በዚያች መንደር ሳልፍ ሴትዮዋ ከዚያ ከአዲሱ እንስራ ውሃ ቀድታ አጠጥታኛለች። ቅዝቃዜው እስከ ዛሬ በአፌ አለ።

ልጄ፣ ያ ተሰቅሎ የነበረው እንስራ የአባትህ መወርወሪያ ነው፤ መደርደሪያውም ሣጥንህ። ልጅህ ልትሰብረው ትችላለች፤ አትሰብረውም ብዬ አልዋሽህም። ቢሆንም ክፈትላት። አባትህም ቢሆኑ ሥራ ፈትተው መቀመጥ አይወዱም ነበር።